25 ቀን ለምን?

ይድረስ ለውድ ጓደኛዬ ለሰናይት፣

እንደምን ሰነበትሽ? ልጆቹስ ደህና ናቸው? ዓመት ከመንፈቅ ድምፄን አጠፋሁብሽ፤ ይቅር በይኝ። ስልኩን አነሣና ከየት እንደምጀምር ሲጠፋኝ መልሼ አስቀምጠዋለሁ። እማዬ ታማብኝ ነው። የጡት ካንሰር። ኦፕራሲዮን ሆነች፣ አሁን ደግሞ ጨረር ታዞላታል፤ ከሰኞ እስከ ዓርብ፣ 25 ቀን።

ደረቷ ላይ በቀለም ያሰመሩላት ምልክት እንዳይለቅ፣ ስትታጠብ በመዳፏ ትከልለዋለች። አንድ ማታ «የሚገድለው ከሆነ ለምን በአንድ ቀን አይጨርሱትም? ለምን ያመላልሱኛል?» አለችኝ። መልስ አጣሁ። ከዚያ ወዲህ ሌሊት ሌሊት ሳነብ ነው የማመሸው።

ሰኒዬ፣ ጀርመናዊው የፊዚክስ ሊቅ ሮንትገን ኤክስሬይ የሚባለውን ጨረር ባገኘ በስምንት ወሩ፣ በ1896 (ዘመኑ ሁሉ በፈረንጆች ነው)፣ ፈረንሳይ፣ ሊዮን ከተማ ውስጥ ዴስፔኝ የሚባል ሐኪም የጨጓራ ካንሰር በያዘው ሰው ላይ ሞከረው። ሰውየው አልዳነም። በ1899 ግን ስቶክሆልም ላይ የአንዲት ሴት የአፍንጫ ቆዳ ካንሰር ጠፋላት።

ያኔ መጠኑን በቅጡ የሚለካ መሣሪያ የለም። ሐኪሞቹ የገዛ እጃቸውን ጨረሩ ፊት ያደርጉና ቆዳው ሲቀላ አይተው ይገምቱ ነበር። እጁ ይቆስላል፣ ጣት ይቆረጣል፣ ከዚያ ክንድ፤ ብዙዎቹን ሊያክሙት የተነሡት ካንሰር ራሱ ገደላቸው። ሃምቡርግ በ1936 የቆመላቸው ሐውልት ላይ 169 ስም ተቀርጾ ነበር። ያንን ያነበብኩ ዕለት አለቀስኩ።

የእማዬን መልስ ያገኘሁት ፓሪስ ካለው የራዲየም ተቋም ታሪክ ነው። እዚያ የሚሠራ ክሎዲዩስ ሬጎ የሚባል ሐኪም ጨረሩን በአውራ በግ የዘር ፍሬ ላይ ሞከረ፤ የዘር ፍሬ ሴሎች እንደ ካንሰር ቶሎ ቶሎ ይባዛሉና። ጨረሩን በአንዴ ሲለቅበት ቆዳው ክፉኛ ይቃጠላል እንጂ በጉ አይመክንም። ለቀናት ከፋፍሎ ሲሰጠው ግን መከነ፣ ቆዳውም ተረፈ። በየመሐሉ ጤነኛው ሥጋ ራሱን ይጠግናል፤ ካንሰሩ ያን ያህል አይችልም። ባልደረባው ኩታር በ1920ዎቹ ይህንኑ ለማንቁርት ካንሰር አዋለው፣ ለሳምንታት እየከፋፈለ፤ በሽተኞችም ዳኑ።

ለእማዬ እንዲሁ አድርጌ ነገርኳት። ዝም ብላ ሰማችኝና ነጠላዋን ሰብሰብ አድርጋ «በጉ ይባረክ» አለች። በማግስቱ ከእኔ ቀድማ ለብሳ ጠበቀችኝ።

ነገ 19ኛዋ ነው። «ያቺ ሰናይት የት ገባች?» እያለች ትጠይቀኛለችና ደውዪላት፤ ከሰዓት በኋላ ቤት ናት።

ናፋቂሽ፣
ሕይወት