ጓዳ ተብሎ አዳራሽ፦ ስለ ጆርጂያው የምግብ ትምህርት የቀረበ ቅሬታ

ጥቅምት 5 ቀን 2017 ዓ.ም.
ዱባይ

ለጉዞ ወኪሉ ሥራ አስኪያጅ

ጉዳዩ፦ «በቤተሰብ ጓዳ የጆርጂያ ምግብ መማር» ተብሎ ለተሸጠልኝ አገልግሎት የከፈልኩት ገንዘብ እንዲመለስልኝ ስለመጠየቅ

ጤና ይስጥልኝ።

ስለ ጉዞው ሌላው ክፍል ቅሬታ የለኝም። በረራው በሰዓቱ ነው የተነሳው። የትብሊሲው ሆቴል ንጹሕ ነበር፤ ሹፌሩም ጨዋ ሰው ነው። የምጽፈው ስለ አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ኦክቶበር 4፣ ዓርብ ዕለት ካኼቲ በተባለው የጆርጂያ ክልል ውስጥ ተደረገ ስለተባለው የምግብ ትምህርት። ለእሱ ከጉዞው ዋጋ ውጪ 450 ድርሃም ከፍያለሁ። አብራኝ የሄደችው የአክስቴ ልጅም እንደዚሁ።

ማስታወቂያችሁ እጄ ላይ ነው። አንድ ቤተሰብ ቤት ገብታችሁ፣ ከቤቱ እናት ጋር ሊጥ አቡክታችሁ፣ ኺንካሊ (ሙሌት ያለው የተቀቀለ የሊጥ ቋጠሮ)፣ ኻቻፑሪ (አይብ የሚሞላበት ዳቦ) እና ፕኻሊ (ከዋልነት ጋር የታሸ አትክልት) በእጃችሁ ትሠራላችሁ ይላል። ከስምንት ሰው አይበልጥም ይላል። ወይኑን ከቤተሰቡ ጓሮ፣ ከተቀበረው እንስራ ተቀድቶ ትቀምሳላችሁ ይላል። ፎቶው ላይ አንዲት አሮጊት ጥቁር ሻሽ አስረው ዱቄት ሲነፉ ይታያሉ። እኔን የሳበኝ ያ ፎቶ ነው። ለአፍ ዳገት የለውም የሚባለው እንዲህ ላለው ነው።

አውቶቡሱ የወሰደን ወደ ማንም ቤት አይደለም። አውራ ጎዳና ዳር፣ ከአንድ የወይን መሸጫ ጀርባ ወዳለ አዳራሽ ነው። ግቢው ውስጥ ቀድመውን የደረሱ ሌሎች አውቶቡሶች ቆመዋል። ውስጥ ስንገባ የጨረባ ተስካር ነበር። ሠላሳ፣ አርባ ሰው በረጃጅም ጠረጴዛ ተደርድሯል፣ ማይክሮፎን ይጮኻል፣ ለሁሉም የላስቲክ ሽርጥ ይታደላል። «የቤቱ እናት» ተብለው የተቀበሉን ሴትዮ የእኛን ቡድን ሰላም ብለው እንደጨረሱ በር ላይ ሄደው የሚቀጥለውን በዚያው ቃል፣ በዚያው ሳቅ ተቀበሉ። እሳቸውን አልወቅስም። ሥራቸው ነው፤ ቀኑን ሙሉ ቆመው የሚውሉ ሴት ናቸው። ቤታቸው ግን አልነበረም።

ትምህርቱን ልንገራችሁ። ሊጡ ተቦክቶ፣ ተዳምጦ፣ በክብ ተቆርጦ ነው የጠበቀን። ሙሌቱም ተዘጋጅቶ በሳህን ቀርቧል። ለአንድ ሰው ሁለት ክብ ሊጥና አንድ ማንኪያ ደረሰን። ጠርዙን እጥፍ እጥፍ አድርጋችሁ ጫፉን ቋጥሩ ተባልን፤ ቋጠርን። የእኔ አንገቷ ጠምሞ፣ አንድ ጎኗ ተከፍቶ ነበር። በትሪ ሰብስበው ወደ ኋላ ይዘውት ሄዱ። ከትንሽ ጊዜ በኋላ ተቀቅሎ የመጣው ሁሉ ልኩ አንድ፣ እጥፋቱ አንድ፣ አንገቱ ቀጥ ያለ ነው። ሠላሳ ጀማሪ የቋጠረው ኺንካሊ እንዲህ አይወጣም። የእኛ የት እንደገባ እግዜር ይወቀው።

ኻቻፑሪውን ሲሠራ አላየንም። ተጋግሮ፣ ተቆርጦ መጣ። ፕኻሊ የሚባል ነገር በዕለቱ አልነበረም። ወይኑ ከጠርሙስ ተቀዳ። አንድ ትልቅ ክቬቭሪ፣ ማለትም ያ የወይን እንስራ፣ ግን አዳራሹ መግቢያ ላይ፣ በሲሚንቶ ወለል ላይ ቆሞ ፎቶ ይነሱበታል። ክቬቭሪ ወለል ላይ የሚቆም ዕቃ አይደለም። እስከ አንገቱ አፈር ውስጥ ተቀብሮ ነው ወይኑ የሚብላላበት፤ ዩኔስኮም በ2013 የመዘገበው ይህንኑ አሠራር ነው። ይህን ያወቅኩት ከመሄዴ በፊት ከናንተው ብሮሹር አንብቤ ስለሆነ ይባስ አናደደኝ።

ለእውነቱ አንድ እውነተኛ ነገር ነበር፦ ዳቦ ጋጋሪው። ቶኔ የሚሉት የሸክላ ምድጃ እንደ ጉድጓድ ጥልቅ ነው። ሰውየው ወገቡ ድረስ ውስጥ ጎንበስ ብሎ ሊጡን ግድግዳው ላይ ይለጥፋል፤ ሾቲ የሚባለው፣ ሁለት ጫፉ የሾለ ረጅም ዳቦ ሆኖ ይወጣል። ቆሜ ባየው ደስ ይለኝ ነበር። በገመድ ተከልሎ ስለነበር ጠጋ ማለት አልተቻለም። ከዚያ ማይክሮፎኑ ተነሱ አለን፤ መውጫው ደግሞ ቹርችኼላ የሚሉት፣ በወይን ጭማቂ የተነከረ የዋልነት ጣፋጭ በሚሸጥበት በኩል ነው።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። ጉዞውን ስይዝ ቅጻችሁ ላይ ሁለት ነገር ጽፌ ነበር። ዓርብ ጿሚ ነኝ፤ የአሳማ ሥጋ አልበላም። ቢሯችሁ ያለችው ልጅ አንብባ፣ «ችግር የለም እህቴ፣ እዚያም ኦርቶዶክስ ናቸው፣ ይገባቸዋል» ብላ አረጋግጣልኛለች። ልክ ነበረች። ይገባቸዋል፤ የነገራቸው ግን የለም። የቀረበልኝ የሥጋ ኺንካሊ ነው። ሥጋው ምንድን ነው ብዬ ስጠይቅ የበሬና የአሳማ ድብልቅ ነው ተባልኩ። ከዚያ የቀረው ኻቻፑሪ ነው፤ እሱ ደግሞ ሆዱ ሙሉ አይብ ነው። የበላሁት ቲማቲም፣ ዱባ መሳይ ኪያርና ዳቦ ነው። በ450 ድርሃም!

አስጎብኚው ወጣት አፈረ። ከናንተ የደረሰውን ወረቀት አውጥቶ አሳየኝ፤ የሰው ቁጥርና የመኪና ሰሌዳ እንጂ ስለ ጾም አንድ ቃል የለበትም። «አንድ ቀን ቀድሜ ባውቅ ቀላል ነበር» አለኝ። እውነቱን ነው። እነሱም ረቡዕና ዓርብ ይጾማሉ። የጾም ምግብ የሌለበት የጆርጂያ ቤት የለም ማለት ይቻላል፦ ቦሎቄው ሎቢዮ አለ፣ ደበርጃን በዋልነት አለ፣ ፕኻሊው አለ፣ የእንጉዳይ ኺንካሊ አለ፣ ሊጡ ውስጥ በአይብ ፈንታ ቦሎቄ የሚገባበት ሎቢያኒ አለ። ዓርብ የሚጾም አገር ወስዳችሁ ጾሜን ልታስፈቱኝ ነበር።

ከተመለስኩ በኋላ ስደውል የሰጣችሁኝ መልስ «የጆርጂያ ገጠር ቤት ለቱሪስት አይመችም፣ ቤተሰብ ቤት የሚባለው እንዲሁ አነጋገር ነው» የሚል ነው። ይህን ነው መቀበል ያቃተኝ። ምክንያቱም ቤቱን አገኘሁት። ያገኘሁትም እናንተው በያዛችሁልን ማደሪያ ነው።

ያን ዕለት ማታ ሲግናጊ ነበር ያደርነው፤ ከአላዛኒ ሸለቆ በላይ ኮረብታው ላይ የተቀመጠች፣ ዙሪያዋን በግንብ የታጠረች ትንሽ ከተማ። የእንግዳ ማረፊያው ባለቤት አሮጊት ናቸው፤ የልጅ ልጃቸው «ቤቢያ» ይላቸዋል፣ እኛም ቤቢያ አልናቸው። እራት ስጡኝ ሳልል ፊቴን አይተው ጠየቁ። ልጁ በእንግሊዝኛ አስተረጎመልን። ዓርብ እንደምጾም ሲሰሙ ወደ ጓዳ ገቡና ሎቢዮ በሸክላ ድስት፣ የበቆሎ ቂጣና ጆንጆሊ የሚሉትን ኮምጣጣ የአበባ እንቡጥ ይዘው መጡ። ነገ ጠዋት ላግዝዎት ብዬ ለመንኩ። ሳቁብኝና እሺ አሉ።

ትምህርት ማለት የቅዳሜው ነው። ስፒናቹን ቀቅለው በሁለት መዳፋቸው ጨመቁት፤ እኔ ጨመቅኩ ብዬ ሳስቀምጥ አንስተው እንደገና ጨመቁት፣ ገና ውሃ ወጣው። ዋልነቱን ከነጭ ሽንኩርት ጋር ወቀጥን፣ ዘይቱ እስኪወጣ። ድንብላል ገባ። አቼቶ ገባ። ከአብሽ ወገን የሆነ፣ ሽታው ለስለስ ያለ ቅመም ገባ፤ ጣሳውን ሲከፍቱት የእናቴ ጓዳ ሸተተኝ። የደረቀና የተፈጨ ቢጫ አበባ ደግሞ ነሰነሱበት። ሁሉም ከስፒናቹ ጋር ከታሸ በኋላ ድቡልቡል አድርገን፣ መሐሉን በአውራ ጣት ተጭነን፣ የሮማን ፍሬ ከላይ ጣል አደረግንበት። መጠኑን ስጠይቅ ማንኪያ አልነገሩኝም። ቅመሺ አሉኝ፤ ጎደለ ስል ጨመሩ።

ቀጥሎ ኺንካሊ። ቤቢያ ትውልዳቸው ከፕሻቪ ተራራ ነው፤ ኺንካሊም ከተራራው የመጣ ምግብ ስለሆነ በዚህ ነገር ቀልድ አያውቁም። ሊጡ ጠንካራ መሆን አለበት፤ ክንዴ እስኪዝል አሸሁት። ሥጋው፣ ለእኔ ሲሉ የበሬ ብቻ፣ ጥሬውን ከቀይ ሽንኩርትና ከሙን ጋር ይለወሳል። ውሃ ይገባበታል፣ ብዙ ውሃ፣ ወጥ መሳይ እስኪሆን ድረስ። እኔ አበዙት ብዬ ደንግጬ ነበር። ለካ ሲበስል ውስጡ መረቅ የሚሆነው ያ ውሃ ነው። አዳራሹ ውስጥ ይህን የነገረን የለም፤ ሙሌቱ ተዘጋጅቶ ስለመጣ የሚያሳዩን ነገርም አልነበራቸውም። ሊጡን በብርጭቆ አፍ ቆርጠን፣ ጠርዙን ዙሪያውን እያጠፍን፣ በነጠላ ጫፍ እንደተቋጠረ ሳንቲም ጨምቀን ቋጠርን። እየፈረሰብኝ ደግሜ ሠራሁ፤ የተበላሸውን ወደ ውጭ አልወሰዱብኝም፣ አብሮ ተቀቀለ፣ አብሮ ተበላ። በእጅ ነው የሚበላው። ቋጠሮውን ይዘሽ፣ ትንሽ ነክሰሽ መጀመሪያ መረቁን ትመጫለሽ። ቋጠሮው ሳህን ላይ ይቀራል።

ቤቢያ ገንዘብ አልጠየቁም። እኔና የአክስቴ ልጅ በግድ 50 ላሪ ሰጠናቸው፤ በዱባይ ገንዘብ 70 ድርሃም አይሞላም፣ ለሁለታችን። ጓዳው የላስቲክ ጠረጴዛ ልብስ፣ የድመት ሳህንና አንድ ጥግ ላይ ሻማ የሚበራበት ሥዕለ አድኅኖ ያለው ጠባብ ክፍል ነው። ለስምንት ሰው እንኳ ጠባብ ነው። ለአራት ሰው ግን ይበቃል፤ ፈልጋችሁ ቢሆን ኖሮ ያ በር እናንተው የምታሳድሩበት ቤት ውስጥ ነበር።

ስለዚህ የምጠይቀው ግልጽ ነው። የእኔና የአክስቴ ልጅ 900 ድርሃም በከፈልንበት ካርድ ይመለስልን። በስልክ ያቀረባችሁልኝን የሚቀጥለው ጉዞ የ10 በመቶ ቅናሽ አልፈልግም፤ ያልተሰጠኝን ነገር በቅናሽ ልገዛ አልችልም። የአሮጊቷ ፎቶ ከማስታወቂያው ይነሳ፤ ወይም እሳቸው ያሉበት ቤት ሰው ውሰዱ። አዳራሹንም መሸጥ ትችላላችሁ፣ ማንም አይከለክላችሁም፤ ዋጋውን ቀንሳችሁ «አዳራሽ» ብላችሁ ሽጡት። የሚወደው ሰው አለ፤ አብረውን ከነበሩት መካከል በጭፈራው የተደሰቱ አይቻለሁ። የጾሙ ነገር ደግሞ ለእኔ ብቻ አይደለም። ደንበኞቻችሁ አብዛኞቹ ሐበሾች ናቸውና ቅጹ ላይ የተጻፈው እዚያ ላለው አስጎብኚ እስኪደርስ ድረስ «ችግር የለም» የሚለው ቃል ከቢሯችሁ አይውጣ።

ከዚህ በፊት የላክሁትን የዋትስአፕ መልእክት ጆሮ ዳባ ልበስ ብላችኋል። ይህኛው በጽሑፍ የመጣው ለዚያ ነው። የደረሰኙን፣ የማስታወቂያውን፣ የሞላሁትን ቅጽና አስጎብኚው ያሳየኝን ወረቀት ፎቶ አያይዣለሁ። እስከ ጥቅምት 19 መልስ ካላገኘሁ ጉዳዩን ለሸማቾች ጥበቃ አቀርባለሁ፤ እዚህ አገር ከ2020 ጀምሮ ያለው የሸማቾች ጥበቃ ሕግ አሳሳች ማስታወቂያን ይከለክላል፤ እናንተም ንግድ ፈቃድ ያላችሁ ናችሁና ታውቁታላችሁ።

መልሳችሁን በኢሜይል ላኩልኝ። በስልክ አይሁን፤ በስልክ የተባልኩትን ሁሉ ማንም አልጻፈውም።

ከሰላምታ ጋር
ደንበኛችሁ
(የቦታ ማስያዣ ቁጥሩ ደረሰኙ ላይ ይገኛል)