መሬቱን እሰሩልን፣ እኛንም ጭምር

ለጅማ ከተማ ከንቲባና በከተማው ፕላን ላይ ለሚሠሩ ኃላፊዎች

የተከበሩ ከንቲባ፣

እንደምን ሰንብተዋል። እኔ ወደ ጅሬን በሚወጣው መንገድ አቅራቢያ ፈረስ የሚቀልብ ቤተሰብ ልጅ ነኝ። ሥራችን ሲያወሩት ቀላል ነው፤ ሲሠሩት ነው ጉዱ። ፈረስ ኖሮት ማሰሪያ የሌለው ሰው እኛ ጋ ያመጣዋል። እናበላዋለን፣ እናጠጣዋለን፣ ኮቴውን እናያለን፣ ማታ ከጅብ እንጠብቀዋለን። ባለቤቱ ሲያምረው መጥቶ ይጋልባል። ካልመጣም ፈረሱ ጦሙን አያድርም። ቅዳሜና እሁድ ደግሞ ልጆች መጋለብ እናስተምራለን። ያለን ሄልሜት 3 ብቻ ስለሆነ ልጆቹ የሚወጡት በሦስት በሦስት ነው። ሄልሜቶቹም የሞተር ሳይክል ናቸው። ይህን ባልናገር ይሻለኝ ነበር፤ ግን እውነቱን ልጽፍ ብዬ ነው ብዕር ያነሳሁት።

ዛሬ ጋጣው ውስጥ 14 ፈረሶች አሉ። 4ቱ የራሳችን ናቸው። 2ቱ የቡና ነጋዴዎች ናቸው፤ ገበያ ሲቀዘቅዝ መጥተው ፈረሳቸውን ሲያዋዩ ይውላሉ። 4ቱ የባለጋሪዎች ናቸው። አንዱ አምባላይ የሰርግ ፈረስ ነው። ሙሽራ ተሸክሞ በአንድ ቀን የሚያገኘውን እኔ በሳምንት አላገኘውም። አንዷን ዳማ 5 የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች አዋጥተው ነው የገዟት፤ ተመርቀው ሲወጡ ለማን እንደምትቀር እስካሁን አልተስማሙም። የቀሩት 2 ባለቤት የላቸውም። ባጃጅ የጋሪውን እንጀራ ሲወስድ መንገድ ላይ የተለቀቁ ናቸው። አንዱን ያገኘነው አስፋልት መሀል ቆሞ ነው። አባቴ ልጓም እንኳ አላስፈለገውም፤ አናገረውና ተከትሎት መጣ። አባቴ ከሰው ጋር በአማርኛ፣ ከፈረስ ጋር በኦሮምኛ ነው የሚያወራው። ፈረሶቹ የበለጠ ይሰሙታል።

ወደ ጉዳዬ ልግባ።

ባለፈው ጥቅምት 2 ወጣቶች ሜትርና ቀይ ቀለም ይዘው መጡ። ሜዳችን ላይ 9 ካስማ ተከሉ። «ምንድን ነው?» ስንላቸው «ለጥናት ነው» አሉን። ከየት እንደተላኩ በደንብ አልነገሩንም፤ እኛም ደንግጠን አጥብቀን አልጠየቅንም። ጨዋ ልጆች ነበሩ። ቡናቸውን ጠጥተው፣ አመስግነው ሄዱ።

በሳምንቱ ደላሎች መምጣት ጀመሩ። ቀይ ቀለም ከየት እንደሚሸታቸው እንጃ። ሁሉም የሚሉት አንድ ነው፤ «ሳይወሰድባችሁ ቆራርሳችሁ ሽጡት።» መሬት እንደማይሸጥ እነሱም ያውቃሉ፣ እኛም እናውቃለን። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ይላል። ግን ጎጆ ይቀለስና «የሸጥኩት ቤቱን ነው» ይባላል። የጨረቃ ቤት እንዴት እንደሚበቅል ለእርስዎ ማስረዳት ለቀባሪው ማርዳት ይሆንብኛል።

አሁን የሚከብደኝን ልናገር። ደላላውን ከበር መመለስ አላስቸገረንም። ያስቸገረን የገዛ ወንድሜ ነው። አዲስ አበባ ይኖራል፣ 2 ልጆች አሉት፣ የቤት ኪራይ አጉብጦታል። ስልክ ደውሎ «የኔን ድርሻ ስጡኝ» አለ። ክፉ ሆኖ አይደለም። እኔስ ብሆን? የጭድና የፉርሽካ ሒሳብ ይዤ በማመሽበት ሌሊት፣ ያ 9 ካስማ በብር ቢመነዘር ስንት እንደሚሆን አስቤ አላውቅም ብል ዋሽቻለሁ። እናቴ ስታዳምጠን ቆየችና «እናንተ ሰው ናችሁ፤ አንድ ቀን ይደክማችኋል» አለች። ይህን ደብዳቤ በሆዴ መጻፍ የጀመርኩት ያን ዕለት ነው።

ስለዚህ አቤቱታዬ እርስዎ ቢሮ ከሚመጣው ሌላ አቤቱታ ትንሽ ይለያል መሰለኝ። «አትንኩብን» ብቻ አይደለም የምለው። መሬቱን እሰሩልን ነው። ከሌላ እጅም፣ ከእኛም እጅ። እርሻና ግጦሽ ሆኖ እንዲቀር ይጻፍበት። እኔ እንዳልቆርሰው፣ ወንድሜ እንዳይቆርሰው፣ ልጆቻችንም እንዳይቆርሱት።

ሐሳቡን ያገኘሁት ከአክስቴ ልጅ ነው። አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው የምትኖረው። አንድ ቀን በቪዲዮ ደውላ «ያንቺን ሥራ የሚሠሩ ሰዎች አገኘሁ» አለችኝና ስልኳን አዞረች። ሜዳ፣ አጥር፣ ጋጣ፣ ፈረስ። የቤተሰብ ነው። የሰው ፈረስ ይቀልባሉ፣ ልጆች ያስተምራሉ። እኛው ነን ቢባል ያስኬዳል፤ በሄልሜት ብቻ ነው የሚበልጡን። ለዋሽንግተን ከተማ ይህን ያህል ቀርቦ እንዴት ፎቅ ሳይሆን ቀረ ብዬ ገረመኝ። ጠይቃ ነገረችኝ። ሜሪላንድ በምትባለው በዚያች ግዛት እ.ኤ.አ. በ1977 ሕግ ወጣ። መንግሥት ከገበሬው መሬቱን አይገዛም፤ ቤት የመደርደር መብቱን ብቻ ነው የሚገዛው። መሬቱ የገበሬው እንደሆነ ይቀራል። ያርሳል፣ ያወርሳል፣ ቢፈልግ ይሸጣል። ግን የገዛውም ሰው በዚያው ይታሰራል። እሷ የምትኖርበት ሞንትጎመሪ ካውንቲ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1980 የመሬቱን አንድ ሦስተኛ፣ ወደ 37 ሺህ ሄክታር ገደማ፣ ለእርሻ ብሎ ለየው። እስከ ዛሬ አለ። ስንቱ የኛ ሰው በዚያ ሜዳ ዳር በመኪና እያለፈ «እንዴት ያምራል» ይላል፤ ማን እንዳስቀረው ግን ማን ይጠይቃል?

ይህን ስሰማ መጀመሪያ የመጣልኝ «እነሱ ገንዘብ አላቸው» የሚለው ነው። ሳስበው ግን ነገሩ ተገለበጠብኝ። እዚያ መንግሥት ብር ማውጣት ያስፈለገው መሬቱ የግል ስለሆነ ነው። እዚህ መሬቱ የሕዝብና የመንግሥት ነው። የኛ የመጠቀም መብት ነው፤ እሱም በአረንጓዴው የይዞታ ደብተር ላይ ተጽፏል። ስለዚህ ጅማ አንድ ሜዳ ለማቆየት ምንም መግዛት አያስፈልጋትም። እስክሪብቶ ይበቃታል። የሚያስፈራኝም ይኸው ነው። በእስክሪብቶ የተጠበቀ በእስክሪብቶ ይሰረዛል። በከተማ ፕላን አዋጁ መሠረት መዋቅራዊ ፕላን የሚያገለግለው 10 ዓመት ነው። ፈረስ ደህና ከተያዘ 25 ዓመት ይኖራል። ዛሬ የተወለደ ግልገል 2 ፕላን ሲቀየር ያያል ማለት ነው።

«ለምን ወደ ቦዬ፣ ወደ ረግረጉ ዳር አትወርዱም? እዚያ ሜዳ ሞልቷል» የሚሉን አሉ። በቅንነት ነው የሚሉት። ግን ፈረስ ያላሳደረ ሰው ምክር ነው።

ፈረስ ላም አይደለም። ጨጓራው ለሰውነቱ ትንሽ ነው። ቀኑን ሙሉ በትንሽ በትንሹ ሣር ሲነጭ መዋል አለበት። የበላው ባይስማማውም ማስመለስ አይችልም፤ ሲፈጠርም እንዲህ ነው። ለሰው በዳማከሴ የሚያልፍ ቁርጠት ለእሱ ሞት ሊሆን ይችላል። ተዘግቶበት፣ በሰዓት በሰዓት ደረቅ ጭድና ፉርሽካ እየተጣለለት የሚውል ፈረስ ሆዱን መታመሙ አይቀርም። ሰው ሜዳችንን ሲያይ ትርፍ ቦታ ይመስለዋል። ለእኛ ግን የመድኃኒት ቤታችን ነው።

ደግሞ ትንኝ አለ። የአፍሪካ ፈረስ በሽታ የሚባለውን የምታስተላልፈው በዓይን የማትሞላ ትንኝ ናት። ረግረግ ትወዳለች። ከጀንበር መግቢያ እስከ ንጋት ትነክሳለች። ክረምቱ ወጥቶ መሬቱ ገና ሳይደርቅ ትበዛለች። ክትባቱ ቢሾፍቱ ይመረታል፤ እናስከትባለን። ግን ክትባት ብቻውን አይበቃም፤ ፈረሱን ከማታ በፊት አስገብቶ መዝጋት፣ ከሁሉም በላይ ከረግረግ መራቅ ያስፈልጋል። በሽታው በሳንባ በኩል የመጣበት ፈረስ ማታ በልቶ፣ ጠዋት በአፍንጫው አረፋ እየደፈቀ ይገኛል። እኛ በአንድ መስከረም 3 ቀብረናል። አንዷ እኔ መጋለብ የተማርኩባት ቦራ ነበረች። እና ቦዬን ለጉማሬውና ለወፎቹ ተዉላቸው። የእኛ ሜዳ ተዳፋት ነው፤ ውሃ አይተኛበትም። አያቴ ቦታውን የመረጠው ያለ ነገር አልነበረም።

ስለ ውሃ ካነሳሁ፣ ጅማ በዓመት ወደ 1,500 ሚሊ ሜትር ዝናብ ይወርድባታል። ከጅሬን በኩል የሚወርደው ጎርፍ መጨረሻው ታች ከተማው ነው። ሣር ያለበት ተዳፋት ይጠጣዋል። ቆርቆሮና ኮንክሪት ይልከዋል። በዚህ ላይ ብዙ አልልም፤ መሐንዲሶቻችሁ ከእኔ የተሻለ ያውቃሉ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቀልድ። የታላቁ ንጉሣችን ስም ቱሉ ነበር። አባ ጅፋር የፈረስ ስማቸው ነው። ምኒልክ አባ ዳኘው፣ ቴዎድሮስ አባ ታጠቅ እንደተባሉት ማለት ነው። ቤተ መንግሥቱ በፈረስ ስም ይጠራል። በ2010 ዋንጫውን ያመጣልን የእግር ኳስ ክለባችንም እንዲሁ። እንግዲህ በፈረስ ስም የምትምል ከተማ ለፈረስ ማደሪያ አጣች ቢባል፣ ሚዜ ጠርቶ ሙሽራውን እንደመርሳት አይሆንም? አገው ምድር ያሉ ወንድሞቻችን ከ1932 ጀምሮ የፈረሰኞች ማህበር አላቸው። በየዓመቱ ጥር 23 ቀን ይሰበሰባሉ፤ አገር ነው የሚያያቸው። እኛ የአባ ጅፋርን ቤተ መንግሥት ሊያይ የመጣ እንግዳ «ፈረስ አለ ወይ?» ሲል ስልክ ደውለውልን ነው 2 ፈረስ ይዘን የምንሮጠው።

አሁን የምንለምነውን በግልጽ ላስቀምጥ። የከተሞቻችን የፕላን መመዘኛ 30 በመቶ ለመንገድና ለመሠረተ ልማት፣ 30 በመቶ ለአረንጓዴና ለጋራ መጠቀሚያ፣ 40 በመቶ ለግንባታ ይላል። የእኛን ሜዳና አብረውን መፈረም የሚፈልጉ 3 ጎረቤቶቻችንን እርሻ ከአረንጓዴው 30 ቁጠሩት። በካርታው ላይ ቀለሙ ይግባ። በይዞታ ደብተራችን ላይም «ለእርሻና ለግጦሽ ብቻ» ተብሎ ይጻፍልን፤ ደብተሩ ለልጅ ሲተላለፍ ጽሑፉም አብሮ ይተላለፍ። አንድ ቀን ሆስፒታል ወይም ትምህርት ቤት ግድ ሆኖ ቢመጣ እንኳ፣ አንድ ሰው በአንድ ቢሮ ውስጥ ፈርሞ የሚሰርዘው እንዳይሆን፤ በምክር ቤት፣ ሕዝብ እየሰማ ይሁን።

በእኛ በኩል የምንሰጠው አለ። ከጋጣና ከመኖሪያ ቤታችን በቀር ምንም አንገነባም። ባሕር ዛፍ አንተክልም፤ ሣሩን ያደርቅብናል። ፍጉን ለአትክልት የሚፈልግ ጎረቤት እንደ ዱሮው በነጻ ይወስዳል። የመንግሥት ትምህርት ቤት ልጆች በወር አንድ ቀን ያለ ክፍያ ይጋልባሉ፤ ሄልሜት የሚያዋጣልን ካለ ደግሞ በሳምንት። የእንስሳት ሕክምና ተማሪዎችም ይምጡ። ከታመመ እንስሳ ይልቅ ደህናውን ማየትም ትምህርት ነው።

ወንድሜ ይህን ደብዳቤ አንብቦታል። «እኔንም ጻፍሽብኝ» ብሎ ለ2 ቀን አኮረፈ። በ3ኛው ቀን ደውሎ ለልጆቹ ክረምት ላይ ፈረስ እንድንይዝላቸው ጠየቀ። መስማማት ነው ወይስ አይደለም፣ እኔ አላውቅም። እንደ መስማማት ቆጥሬዋለሁ።

ክቡር ከንቲባ፣ ቢመቸዎ አንድ ጠዋት ብቅ ይበሉ። ጋጣው 12 ሰዓት ላይ ይከፈታል። ፈረሶቹ ጤዛው ላይ ሲወጡ ማየት ከዚህ ሁሉ ወረቀት ይበልጣል። ቡናም አይጠፋም።

ካስማዎቹ አሁንም አሉ። አባቴ «የመንግሥት ዕቃ ሊሆን ይችላል» ብሎ አላስነካም። ጉራቹ ግን ከጋጣው አጠገብ ያለችውን አንዷን ጀርባውን እያከከባት አዝሟታል። ከወደቀች በእኔ ላይ ይያዝልኝ።

ከአክብሮት ጋር፣
የባለፈረሱ ልጅ፣ ከጅሬን በኩል