የደጀኑ አሮጌ ሆቴል እንዳይፈርስ

ይድረስ ለተከበሩ አባቴ፤

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። በዋናው መንገድ ዳር ያለው አሮጌው ሆቴል ፈርሶ በቦታው ፎቅ ሊሠራ ነው ብለው በስልክ የነገሩኝ ከልቤ አልወጣ ስላለ፣ በስልክ ተናግሬ የማልጨርሰውን በደብዳቤ ልጽፍልዎ ወሰንሁ።

ደጀን ሆቴል ያስፈለጋት በዓባይ ምክንያት ነው። አውቶቡሱም የጭነት መኪናውም በረሃውን በጨለማ መውረድ ስለማይደፍር፣ ወደ ሸዋ የሚሻገረውም ከሸዋ ሽቅብ ወጥቶ ሞተሩ የጋለበትም እዚያ ያድር ነበር፤ መልእክትና አደራም በሾፌሮቹ እጅ እየመጣ እዚያው ይታደል ነበር። በ1967 የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ ሲወጣ ቤቱ ከባለቤቶቹ እጅ ቢወጣም ሥራው አልተቋረጠም። ዕቁብ የሚጣለው፣ የተጣሉ ጎረቤታሞች በሽማግሌ የሚታረቁት፣ ከሩቅ ለቅሶ ለመድረስ የመጣ ዘመድ ገንዘብ ሳይጠየቅ የሚያርፈው በዚያ ቤት እንደነበር ከእኔ ይልቅ እርስዎ ያውቃሉ።

እኔን ከሁሉ በላይ የማይረሳኝ ግን የመምህራኑ ነገር ነው። አዲስ ተመድበው የሚመጡት መምህራንና የጤና ጣቢያው ሠራተኞች ቤት እስኪከራዩ ድረስ በጓሮ በኩል ባሉት ክፍሎች እያደሩ በወር ኮንትራት ይመገቡ ነበር። የሒሳብ መምህሬ ማታ ማታ በሆቴሉ በረንዳ መብራት ሥር ሰብስበው ያስጠኑን የነበረው ማንም አዝዟቸው አልነበረም፤ ዛሬ እዚህ ጀርመን አገር በሙያዬ ተቀጥሬ የምሠራው በዚያ በረንዳ በተማርሁት ነው ብል አላጋነንሁም።

ደጀን ፎቅ አያስፈልጋትም አልልም። ቆርቆሮው እንደሚያፈስ፣ የወለሉ ጣውላም እንደበሰበሰ ሰምቻለሁ። ነገር ግን የድንጋዩ ግድግዳ ጤነኛ ከሆነ ቤቱ የሚታደስ እንጂ የሚፈርስ አይደለም። እዚህ አገር በቅርስነት የተመዘገበ የእንግዳ ማረፊያ የውጭ ገጽታው ተጠብቆ ውስጡ ይታደስና ሥራውን ይቀጥላል። በአገራችንም ስለ ቅርስ ጥናትና አጠባበቅ የወጣው አዋጅ ቁጥር 209/1992 አለ፤ ቤቱ በቅርስነት ከተመዘገበ ያለ ፈቃድ ማንም እንዳሻው ሊነካው አይችልም።

ስለዚህ እርስዎና የዕድሩ ሽማግሌዎች ሳትቀደሙ ለወረዳው ባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ማመልከቻ እንድታስገቡ እለምንዎታለሁ። ከማመልከቻው ጋር የቤቱ ፎቶግራፍ ከአራቱም ማዕዘን ተነሥቶ ይያያዝ፤ በወጥ ቤቱ ለረጅም ዘመን የሠሩት እናትም በሕይወት ሳሉ የሚያስታውሱትን ይናገሩና እህቴ ትጻፈው። ለፎቶግራፍ አንሺው የሚከፈለውን በሚመጣው ሳምንት እልካለሁ።

የእናቴን ጉልበት ሳሙልኝ።

ልጅዎ