«ከነባለቤታቸው» የተባሉት ሴት ማን ናቸው?

ይድረስ ለጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፤

ባለፈው ወር በአንድ የዞን ከተማ ስለተመረቀ ትምህርት ቤት ያወጣችሁትን ዜና ከነፎቶው ተመልክቻለሁ። በፎቶው ላይ መቀስ ይዘው ሪባኑን የሚቆርጡት አንዲት ሴት ናቸው። ከፎቶው ሥር የአስተዳዳሪው፣ የትምህርት መምሪያ ኃላፊውና የሥራ ተቋራጩ ስም ሳይቀር ከተዘረዘረ በኋላ፣ መቀሱን የያዙት ሴት «የአስተዳዳሪው ባለቤት» ተብለው ታልፈዋል። ዜናው ራሱ እንደሚለው ደግሞ ለትምህርት ቤቱ ማሠሪያ ገንዘብ ያሰባሰበውን ኮሚቴ ሁለት ዓመት የመሩት እሳቸው ናቸው። ሥራቸው ተነገረን፤ ስማቸው ግን አልተነገረንም።

ነገሩ የአንድ ቀን ስሕተት ቢሆን ኖሮ ስልክ ደውዬ ብቻ አልፈው ነበር። እኔ ግን ከሃያ አምስት ዓመት በላይ በታይፕ ጸሐፊነት ሠርቼ በጡረታ የተገለልሁ የሐዋሳ ነዋሪ ነኝ፤ «ከነባለቤታቸው» የምትለዋን ቃል ስንት ሺህ ጊዜ እንደመታኋት ጣቶቼ ያውቃሉ።

በትምህርት ቤት እንደተማርነው በሰዋስው ባለቤት ማለት ድርጊቱን የሚፈጽመው ነው። በዜና አማርኛችን ግን ባለቤት የሚባሉት ሴት የሚፈጽሙት ነገር የለም፤ ይገኛሉ፣ ይታደማሉ፣ ይሸኛሉ፤ ከዚያ ያለፈ ግሥ አይሰጣቸውም። ከዚህ የሚብሰው ደግሞ በአገራችን ሴት ስታገባ የባሏን ስም የማትይዝ፣ እስከ ዕለተ ሞቷ በአባቷ ስም የምትጠራ መሆኗ ነው፤ ስለዚህ ጋዜጠኛው «የአቶ እገሌ ባለቤት» ብሎ ሲያልፋት አንባቢው ከባልየው ስም ተነሥቶ ማንነቷን ሊደርስበት አይችልም። ስሙ ከተተወ የትም አይገኝም።

አንድ ያየሁትን ላጫውታችሁ። ዘመኑ 1970ዎቹ አጋማሽ ነው። በምሠራበት የአስተዳደር መሥሪያ ቤት አዲስ አስተዳዳሪ ተሹመው መጡ፤ ባለቤታቸው አዋላጅ ነርስ ነበሩ። ባልየው ከአውራጃ አውራጃ በተዛወሩ ቁጥር እሳቸው ክፍት የሥራ መደብ እስኪገኝ ያለ ደመወዝ ይቀመጡ ነበር፤ መደቡ ሲገኝም ከለቀቁት ዝቅ ካለው ይጀምራሉ። በዚህ ሁኔታ አብረዋቸው የተመረቁት ማትሮን (የነርሶች አለቃ) ሲሆኑ፣ እሳቸው ገና የሌሊት ተረኛ ነበሩ። አዲስ የማዋለጃ ክፍል ተሠርቶ ሊመረቅ ሲል የጥሪ ካርዱን እንድመታ ታዘዝኩና በአስተዳዳሪው ካርድ ላይ እንደልማዴ «ከነባለቤትዎ» ብዬ አወጣሁ። በማግሥቱ ጠዋት ከተረኝነት እንደወጡ፣ ነጭ ጋውናቸውን ክንዳቸው ላይ አጥፈው ወደ ቢሮዬ ገቡና ካርዱን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጡት።

«የኔ ልጅ» አሉኝ፤ «ክፍሉ ጠበበን ብዬ ማመልከቻ የጻፍኩት እኔ ነኝ። ነገም እዚያ ገብቼ የማዋልደው እኔ ነኝ። ካርዱ ላይ ግን የለሁም።»

ቁጣ የለባቸውም፤ እንዲያውም ፈገግ ብለው ነበር። እኔ ግን አፈርኩ። አዲስ ካርድ በጽሕፈት መኪናዬ ላይ አስገብቼ «ለሲስተር» አልኩና ስማቸውን ከነአባታቸው መታሁ። የፕሮቶኮል ኃላፊው ለአንድ ቤት ሁለት ካርድ መውጣቱን ሲሰማ የመቀመጫ ድልድሉን አበላሸሽብኝ ብሎ ተቆጣኝ። በምርቃቱ ዕለት ሲስተር ከነርሶቹ ጋር ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጡ። ከአስተዳዳሪው ጎን የነበረው ወንበር «ባለቤት» የሚል ወረቀት እንደተለጠፈበት ባዶውን ዋለ።

ይህን ሁሉ ጽፌ እኔም ስማቸውን አለመጥራቴ የገዛ ክርክሬን ያፈረስኩ ያስመስልብኝ ይሆናል፤ ሲስተር ዛሬ ከአደባባይ ርቀው የሚኖሩ ሰው ስለሆኑ ሳላስፈቅዳቸው ጋዜጣ ላይ ላወጣቸው አልደፍርም።

ስማቸው በታሪክ የታወቀውን ሴቶች ብናይም ልማዱ ያው ነው። የሐዋሳ አመሠራረት በተነሣ ቁጥር የሲዳሞ ጠቅላይ ግዛት ገዥ የነበሩት ልዑል ራስ መንገሻ ስዩም ይነሣሉ፤ ተገቢም ነው። ባለቤታቸውን ልዕልት አይዳ ደስታን ግን በዚህ ከተማ ስኖር ከሽማግሎች አፍ የሰማኋቸው ከሁለት ጊዜ አይበልጥም። ልዕልት አይዳ ለሲዳሞ እንግዳ አልነበሩም። አባታቸው ራስ ደስታ ዳምጠው ከጣሊያን ወረራ በፊት ይህንኑ ግዛት ያስተዳደሩ፣ በወረራውም ጊዜ በደቡብ ግንባር ጦር መርተው በየካቲት 1929 ዓ.ም. በፋሺስቶች የተገደሉ አርበኛ ናቸው፤ እናታቸው ደግሞ ልዕልት ተናኘወርቅ ኃይለ ሥላሴ። ስለዚህ እናትና ልጅ፣ በተለያየ ዘመን፣ የአንድ ግዛት ገዥ ባለቤት ሆነዋል ማለት ነው። በእኔ ዕድሜ አንድም የሐዋሳ አስጎብኚ ይህን ለእንግዳ ሲናገር አልሰማሁም፤ በሐይቃችን ዳር ስላለው አሞራ ገደል ዓሣ ግን ግማሽ ቀን ሲያወሩ ይውላሉ።

ልዕልት አይዳ እንግሊዝ አገር የተማሩ ሴት ነበሩ። ባለቤታቸው ትግራይን እንዲያስተዳድሩ ሲሾሙ ኑሯቸው ወደ መቀሌ ዞረ። አብዮቱ መጥቶ ራስ መንገሻ ጫካ ሲገቡ እሳቸው ከእናታቸውና ከእህቶቻቸው ጋር ታሰሩና አሥራ አራት ዓመት ያህል በእስር ቆዩ። የታሰሩት የገዥ ሚስት ስለሆኑ ብቻ ሳይሆን የንጉሡ የልጅ ልጅ በመሆናቸውም እንደሆነ አልዘነጋሁትም። ቢሆንም የባልየው ሹመት በተዘገበበት ዘመን በ«ባለቤታቸው» የታለፈች ሴት፣ መከራው ሲመጣ በሙሉ ስሟ ተጠርታ መግባቷን ሳስብ ያንገበግበኛል። የእቴጌ መነን ዕጣ የተሻለ ነው። በ1903 ዓ.ም. ደጃዝማች ተፈሪን (በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ) ሲያገቡ የሐረር ገዥ ሚስት ሆኑ፤ በኋላ ያቋቋሙት የሴቶች ትምህርት ቤት ስማቸውን ስለያዘ፣ ደርግ «የካቲት 12» ብሎ ቢለውጠውም የቀድሞው ስም ከሰው አፍ አልጠፋም።

በሕጉ በኩል ሁኔታው ተለውጧል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ ራስ ያደረገና የጋራ መኖሪያውንም እሱ እንዲመርጥ የፈቀደ ነበር፤ የ1992ቱ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግና እሱን ተከትለው ክልሎች ያወጧቸው ሕጎች ባልና ሚስትን እኩል አደረጉ። የባለሥልጣን ሚስት በግልጽ የምትነሣበት አንድ ሌላ ሕግ አለ፤ እሱም የሀብት ማሳወቂያና ማስመዝገቢያ አዋጅ ቁጥር 668/2002 ነው። በዚህ አዋጅ መሠረት ተሿሚው የራሱን ብቻ ሳይሆን የትዳር ጓደኛውንና ከ18 ዓመት በታች የሆኑ ልጆቹን ሀብት ጭምር ያስመዘግባል። እንግዲህ ሀብት ሲቆጠር የማትዘነጋ ሰው፣ ሥራ ሲዘገብ ለምን ትዘነጋለች?

ይህን የምለው ለክብሯ ብቻ ተቆርቁሬ አይደለም። በጽሕፈት ሥራ ላይ ሳለሁ ባለጉዳይ ፊት ለፊት ባለው በር ገብቶ ያልተሳካለትን ጉዳይ በጓዳ በር ሊያስጨርስ ወደ አስተዳዳሪው ቤት ማር ተሸክሞ ሲሄድ አይቻለሁ። ያቺ ሴት ምን እንደምትሠራ፣ የትኛውን ኮሚቴ እንደምትመራ፣ ገንዘቡም ከየት መጥቶ የት እንደገባ በጋዜጣ በስሟ ከተጻፈ፣ ጥሩ ከሠራች ትመሰገናለች፣ ካጠፋችም ትጠየቃለች። «የወይዘሮዋ ሰው ነው» እየተባለ በየቡናው ለሚወራው ሐሜትም የሚተርፍ ቦታ ያንሳል። በፌዴራል ደረጃ የቀዳማዊት እመቤት ጽሕፈት ቤት ስላለ የወይዘሮ ዝናሽ ታያቸው ስም ከሚያሠሯቸው ትምህርት ቤቶች ጋር ይነሣል፤ ሥራው ለምስጋናም ለትችትም ክፍት ነው። ወይዘሮ ሮማን ተስፋዬንም እንውሰድ። ባለቤታቸው አቶ ኃይለማርያም ደሳለኝ ከ1994 እስከ 1998 ዓ.ም. መቀመጫው ሐዋሳ የነበረውን የደቡብ ክልል በርዕሰ መስተዳድርነት መርተዋል። ሰፊው ሕዝብ ወይዘሮ ሮማንን በስማቸው ያወቃቸው ግን ቀዳማዊት እመቤት ሆነው በካንሰር መከላከል ሥራ ፊት ከወጡ በኋላ ነው፤ ከሥልጣን በኋላ ባልና ሚስቱ ያቋቋሙት ፋውንዴሽንም የሁለቱንም ስም ይዟል። አንዲት ሴት በስሟ እንድትታወቅ ባሏ የግድ ቤተ መንግሥት መግባት አለበት? የዞንና የክልል አስተዳዳሪ ሚስትስ?

በሌላ በኩል፣ የራሷን ሥራ እየሠራች ከባሏ ሹመት ርቃ መኖር የምትፈልግ ሴትም ሞልታለች። የሒሳብ መምህርት ከሆነች ፈተናዋን እያረመች ትኑር፤ ባሏ ተሾመ ተብሎ በየመድረኩ እንድትቀመጥ የሚያስገድዳት ነገር የለም፤ ጋዜጣውም አይከተላት። እኔ የምቃወመው መሐል ያለውን ነው፤ ፎቶው ውስጥ አስገብታችሁ ከጽሑፉ ማስወጣታችሁን።

ስለዚህ የምጠይቀው ቀላል ነው። ዘጋቢዎቻችሁ ለሌላው ሰው እንደሚያደርጉት ሁሉ የአስተዳዳሪ ባለቤትንም ስሟን ከነአባቷ፣ ሙያዋንና በዝግጅቱ ላይ የተገኘችበትን ምክንያት ጠይቀው ይጻፉ። በእንግድነት ከሆነ በእንግድነት፣ ሥራውን መርታ ከሆነም መሪ ብለው። በሰዓቱ ጥድፊያ መጠየቅ ያልቻለ ዘጋቢ በማግሥቱ ደውሎ ማጣራት አያቅተውም፤ እኔ በዚያ ዘመን ለአንድ ካርድ ስም ስል መዝገብ ቤት ድረስ እሄድ ነበር።

ባለፈው ወር ስለወጣው ዜናም፣ መቀሱን የያዙትን ሴት ስም አጣርታችሁ በሚቀጥለው እትም በእርማት ዓምዳችሁ ላይ እንድታወጡልኝ በአክብሮት እጠይቃለሁ። ፎቶውን ቆርጬ አስቀምጬዋለሁ፤ ከሥሩ ለስማቸው የሚሆን ቦታ ትቻለሁ።

ከማክበር ሰላምታ ጋር፣
ጡረተኛ የታይፕ ጸሐፊ፣ ከሐዋሳ