ቲኬቱ በር ላይ ቢታተምስ?

ሰላም የጋዜጣው አዘጋጆች፣ ስለ ኮንሰርት ቲኬት አንድ ነገር ልበል። እስካሁን ብዙ አዘጋጅ ማተሚያ ቤት ሄዶ በሺ የሚቆጠር ቲኬት ቀድሞ ያሳትማል፣ ሳይሸጥ የቀረው ይጣላል፣ ፎርጅዱ በጎን ይወጣል፣ ከዛ በር ላይ ግርግር ነው። ሰው በቴሌብር ከፍሎ ኪውአር ኮዱ ስልኩ ላይ ከደረሰው እዛው በር ላይ ለሱ ብቻ ቢታተምለት ምን አለበት? ማሽኑ እንደሆነ ሱፐርማርኬት ደረሰኝ የሚያወጣው አይነት ነው፣ ቀለም ምናምን አይፈልግም፣ ወረቀቱ ራሱ ሲሞቅ ይጠቁራል (ቆይቶ ስለሚደበዝዝ ለማስታወሻ የሚፈልገው ፎቶ ያንሳው)። ግን ኮዱ አንዴ ከተነበበ ወዲያው መዘጋት አለበት፣ አለበለዚያ አንዱ ስክሪንሾት አድርጎ ለአምስት ጓደኛው ቢልክ ሁሉም ዘው ይላል። ደሞ ሰው ሲበዛ ኔትወርክ እንደሚጨናነቅ እየታወቀ የከፈሉትን ሰዎች ኮድ ሊስት ቀድሞ ኮዱን የሚያነበው ስካነር ላይ አለመጫን ምን ይባላል? ባለፈው አንድ ኮንሰርት ላይ ሲስተም የለም ተብለን ከፍለን ዝናብ ላይ ተገተርን፣ ዘበኛው ራሱ አዘነልን። ስማርት ስልክ ለሌለው ደግሞ በየሰፈሩ ሱቅ ተከፍሎ እዛው የሚታተምበት መንገድ ይታሰብበት፣ ካርድ የሚሸጥ ባለሱቅ ይሄ አያቅተውም።

አንባቢያችሁ፣ ከአዲስ አበባ