አያቴ ቼዝ አታውቅም

ይድረስ ለአዘጋጁ፣

ስለ ስሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ «ታሪክና አፈ ታሪክ» ብላችሁ ያወጣችሁትን አነበብኩ። በዚያ ባበቃ ደግ ነበር። ለአያቴም ጮክ ብዬ አነበብኩላት። ጥፋቱ እዚህ ላይ የኔ ነው።

ፎቶዎቹ ያምራሉ፣ አልዋሽም። የእሜት ጎጎው በተለይ። ሁለተኛው አንቀጽ ላይ ስደርስ ግን የአካባቢው ነዋሪዎች «በጥንት ዘመን አማልክት በእነዚህ ገደሎች ላይ ቼዝ ይጫወቱ እንደነበር ይናገራሉ» የሚል አገኘሁ።

የትኞቹ ነዋሪዎች?

እኔ የተወለድኩት ግጭ ነው። በካርታችሁ ላይ የድንኳን ምልክት አድርጋችሁ «የካምፕ ቦታ» ያላችኋት ግጭ። መንደር ነበረች እኮ። የእስላም መንደር። መስጊድ ነበረን፣ የገብስ ማሳ ነበረን፣ በግና ፈረስ ነበረን። «አማልክት» የሚለው ላይ ስደርስ አያቴ «አስተግፊሩላህ!» ብላ አስቆመችኝ። በትክክል ያነበብኩ ስላልመሰላት ደግመህ አንብብ አለችኝ። ክርስቲያን ጎረቤቶቻችን ዘንድ ሄዳችሁ ብትጠይቁም አማትበው ነው የሚሸኟችሁ።

ቼዙ ደግሞ ይባስ። ድሮ መኳንንቱ ሰንጠረዥ የሚባለውን የአገራችንን ቼዝ ይጫወቱ ነበር፣ ይሁን። እኛ ጋ ግን ገበጣ ነው። ከብት ስንጠብቅ መሬቱን ጫር ጫር አድርገን በጠጠር። አማልክቱ ገበጣ ተጫወቱ ብትሉ ኖሮ ቢያንስ ለአገሩ ትቀርቡ ነበር። ለአያቴ ቼዝ ምን እንደሆነ ለማስረዳት ሩብ ሰዓት ፈጀብኝ። ሰምታ ሰምታ «ታዲያ ማን አሸነፈ?» አለችኝ። እሱን እናንተው መልሱላት።

ነገሩ ከየት እንደመጣ ልንገራችሁ። ሮዚታ ፎርብስ የምትባል እንግሊዛዊት ተጓዥ ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1925 በወጣ የጉዞ መጽሐፏ ላይ ስሜንን አይታ መደነቋን ጻፈች። የኢትዮጵያ የጥንት አማልክት በእነዚህ ቋጥኞች ቼዝ ሳይጫወቱ አይቀሩም አለች። የራሷ ምናብ ነው። ቆንጆ አባባል ነው፣ ከእሷ ጋር ጠብ የለኝም። ከዚያ አንዱ አስጎብኚ ከሌላው እየቀዳ አዞረው። እናንተ ደግሞ «ነዋሪዎች ይናገራሉ» ብላችሁ አፋችን ውስጥ ከተታችሁት። የእንግሊዟ ሴትዮ ጨዋታ መቶ ዓመት ዞሮ ዞሮ የአያቴ ተረት ሆኖ አረፈው!

በአንድ ዓረፍተ ነገር ይህን ያህል መናደድ ምንድን ነው ትሉ ይሆናል። ጋዜጠኛችሁ እኮ ቤታችን መጥቶ ነበር። ደባርቅ ድረስ። አጎዛ ተነጥፎለት፣ ከአቦል እስከ በረካ ጠጥቶ፣ የገብስ ቆሎ ቆርጥሞ። ስልኩን ረከቦቱ ጠርዝ ላይ አስቀምጦ ሁለት ሰዓት ሙሉ አያቴን ቀዳት። «ልጄ፣ ይሄ ነገር ባትሪው አያልቅም?» እያለች ነበር የምታወራው። ከዚያ ሁሉ አንዲት ቃል አልወጣችም።

ምን ነበር የነገረችው? የቅዱስ ያሬድን ነገር። አክሱም ላይ በአፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲያዜም ንጉሡ በዜማው ተመስጦ ጦሩን የያሬድ እግር ላይ ተከለው፤ ዜማው እስኪያልቅ ግን አንዳቸውም አልታወቃቸውም። ንጉሡ ደንግጦ የፈለግኸውን ጠይቀኝ ቢለው ስሜን ሄጄ ልመንን ብሎ ተሰናበተው። እስከዚህ ድረስ የቤተ ክርስቲያን ሰው ሁሉ የሚያውቀው ነው። አያቴ ከጎረቤት ሰምታ የምትጨምረው አለ። መጻሕፍቱን ተሸክመው ገደሉን ያወጡለት ዋልያዎች ናቸው። ዛሬም ዋልያ ገደሉ ላይ እንደ ደረጃ የሚረማመደው ያኔ መንገዱን ስለለመደው ነው ትላለች። ከ4,400 ሜትር በላይ የሆነው ተራራ ስሙ ቅዱስ ያሬድ ነው፤ ከነጭራሹ አላነሳችሁትም። አንዲት የሰማንያ ዓመት እስላም ሴት የቅዱስ ያሬድን ታሪክ አጣፍጣ ስትተርክ መስማት በራሱ ወሬ አይሆንም? ለነገሩ ስሜን ላይ ታሪክ አልጠፋም። ደጃች ውቤ ለራሳቸው ንግሥ ባሰሩት ደረስጌ ማርያም ቴዎድሮስ አሸንፈዋቸው ነገሡበት። ቼዝ ከፈለጋችሁ እሱ አይሻልም?

ሌላም አለ። ፓርኩን «የሰው እጅ ያልነካው» አላችሁት። ልጅ ሳለሁ ጠዋት ጠዋት ፀሐይ ስትሞቅ ጭላዳው ከገደሉ ላይ መንጋ ሆኖ ይወጣል። እኛ ወንጭፍ ይዘን ገብሱ ዳር እንቆማለን። ገለባውን ትቶ እሸቱን ብቻ በጣቱ ልቅም አድርጎ ነው የሚበላው፤ ሙያ አለው። ፓርኩ በ1962 ዓ.ም. ሲቋቋም ይህ ማሳ እዚያው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1978 ከላሊበላ ጋር በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብም እዚያው ነበር።

እውነቱን ለመናገር ግጦሹ ተጎድቶ ነበር። በግና ፍየሉ በዝቶ ነበር፣ ዋልያውም መሸሻ አጥቶ ነበር። አባቴም ይህን ያምናል። ስለዚህ በ2008 ዓ.ም. ከ400 በላይ አባወራ ተነስተን ደባርቅ ገባን። በዓመቱ ፓርኩ ከ1996 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከቆየበት በአደጋ ላይ ያሉ የዓለም ቅርሶች መዝገብ ወጣ። እናንተ መውጣቱን በደማቁ ጽፋችኋል። ማን ወጥቶ እንደወጣ ግን የለም። በ2011 ዓ.ም. ጓሳው ሲቃጠል እስራኤል ባለሙያ መላኳን ጽፋችኋል፤ ጥሩ፣ መጥተዋል፣ እናመሰግናለን። አጎቴ ደግሞ ከደባርቅ በእግሩ ወጥቶ የአስታ ቅርንጫፍ ይዞ እሳቱን ሲደበድብ አደረ። የተነሳበትን ቦታ። ቅንድቡ ተለብልቦ ነው የተመለሰው።

በነገራችን ላይ እኛ የምንለው ራስ ደጀን ነው። ዳሸን ሳይሆን።

እርማት አውጡ ብዬ አልጨቀጭቃችሁም። አንድ ነገር ብቻ ላስቸግር። ያንን የተቀዳውን ድምፅ ላኩልን፤ ጋዜጠኛው ስልክ ቁጥሬን ይዞታል። አያቴ ከክረምቱ ወዲህ ሳል ይዟታል። እኔም ልቅዳሽ ብዬ ስልኬን ሳወጣ «ለዚያ ልጅ ሁሉንም ነግሬው የለም እንዴ» ብላ ፊቷን ታዞራለች።

የግጭ ልጅ፣ ከደባርቅ