ካላቶዞቭን ስታነሱ ካሜራውንም አንሱት

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ሰሞኑን በባህል ዓምዳችሁ ስለ ሚካኤል ካላቶዞቭ ያወጣችሁትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። ስለ ድሮ ፊልም የሚጽፍ ሰው ሲገኝ ደስ ይላል። አንድ ነገር ግን ከንክኖኛል። ሰውዬውን «ታዋቂው የሩሲያ ዳይሬክተር» ብላችሁ አለፋችሁት። ካላቶዞቭ ጆርጂያዊ ነው። ወደ ዳይሬክተርነት የመጣውም ከካሜራማንነት ተነስቶ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1903 በትብሊሲ ሲወለድ የቤተሰቡ ስም ካላቶዚሽቪሊ ነበር። በ1920ዎቹ እዚያው ከተማ ባለው ስቱዲዮ የሌሎች ዳይሬክተሮችን ፊልም ይቀርጽ ነበር። በ1930 «ጨው ለስቫኔቲ» የተባለውን ድምፅ አልባ ፊልም ሲሠራ (ስቫኔቲ በጆርጂያ ያለ ተራራማ አካባቢ ነው) ዳይሬክተርም ካሜራማንም ራሱ ነው፤ በቀረጻው ሻልቫ ጌጌላሽቪሊ አግዞታል።

ይህን ፊልም አንባቢዎቻችሁ ፈልገው ቢያዩት አይቆጫቸውም። ቦታው በካውካሰስ ተራራ ላይ ያለችው ኡሽጉሊ ናት። በረዶው መንገዱን ይዘጋል፣ ጨው የለም። ከብቶቹ ጨው ፍለጋ የሰው ሽንት እስከ መላስ ይደርሳሉ። በአሞሌ ሲገበያይ ለኖረ ሕዝብ የጨውን ነገር ማስረዳት አያስፈልግም። ካላቶዞቭ የመንደሩን የድንጋይ ማማዎች ከሥር ወደ ላይ ያነሳቸዋል፤ ሰማዩን ወግተው ሊወድቁብህ የደረሱ ይመስላሉ። ከዚያ ማማው አናት ላይ ወጥቶ ቁልቁል ያያል። ፊልሙ የሚያልቀው የሶቪየት መንግሥት መንገድ ሲሠራ ነው፤ ፕሮፓጋንዳ መሆኑን ማንም አያጣውም። እኔ ግን ካየሁት በኋላ መንገዱ ትዝ ብሎኝ አያውቅም። ትዝ የሚሉኝ ማማዎቹ ናቸው።

ቀጣዩ ፊልሙ ታገደ። «ለቅርጽ እንጂ ለይዘት አይጨነቅም» ተባለ። ለዓመታት ዳይሬክት ሳያደርግ ቆየ፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜም የሶቪየት ፊልም ተወካይ ሆኖ ሎስ አንጀለስ ተልኮ ነበር።

እናንተ በሰፊው ያነሳችሁት «ዘ ክሬንስ አር ፍላይንግ» የመጣው በ1957 ነው። በዓመቱ በካን የፊልም ፌስቲቫል ከፍተኛውን ሽልማት፣ ፓልም ዶርን፣ ማሸነፉን ጽፋችኋል፤ ልክ ነው። ካሜራማኑን ሰርጌይ ኡሩሴቭስኪን ግን በስም እንኳ አላነሳችሁትም! የፊልሙ ዋና ገጸ ባሕርይ ቬሮኒካ ወደ ጦር ሜዳ የሚሄደውን ፍቅረኛዋን ለመሰናበት የምትሮጥበትን ትዕይንት አስታውሱ። ካሜራው አብሯት አውቶቡስ ውስጥ ነው። ስትወርድ አብሯት ይወርዳል፣ በሕዝቡ መሀል እየተጋፋ ይከተላታል። ከዚያ ሳይቆረጥ ብድግ ብሎ ወደ ላይ ይወጣል፤ እሷ ከታች በታንኮቹ መካከል ስትሮጥ እናያለን። ኡሩሴቭስኪ ካሜራውን በእጁ ይዞ ከአውቶቡሱ ወርዶ፣ ተከትሏት ሄዶ፣ በመጨረሻ ክሬን (ማንሻ ማሽን) ላይ ተሳፍሮ ነው የቀረጸው። ዛሬ በድሮን ዘመን ቀላል ይመስላል። ያኔ ግን ካሜራው ከባድ ነው፣ አንድ ሰው ከተደናቀፈ ሁሉም እንደ አዲስ ይጀመራል።

በ1964 ሁለቱ «እኔ ኩባ ነኝ»ን ሲሠሩ ደግሞ ባሰባቸው። በቀብሩ ትዕይንት ካሜራው ከመንገድ ተነስቶ ሕንፃውን ይወጣል፣ ሲጋራ በሚጠቀለልበት ክፍል ያልፍና በመስኮት ወጥቶ ከለቀስተኛው በላይ ይንሳፈፋል። ፊልሙን ያኔ ሞስኮም ሃቫናም አልወደዱትም። በ1990ዎቹ አሜሪካውያኑ ዳይሬክተሮች ስኮርሴዚና ኮፖላ ስማቸውን ሰጥተውት ነው እንደገና ለዓለም የታየው።

እንግዲህ ዳይሬክተሩ ራሱ ካሜራ ተሸክሞ ያደገ ባይሆን ኖሮ እንዲህ ላለ ቀረጻ እሺ ይል ነበር? እኔ አይመስለኝም። ካሜራማኑን «አይሆንም፣ ጊዜ የለንም» ብሎ ባሳረፈው ነበር። የሁለቱ መግባባት የመጣው ከስቫኔቲ ተራራ ነው እላለሁ።

ጥያቄዬ ትንሽ ነው። ስለ ፊልም ስትጽፉ ከዳይሬክተሩ ስም ቀጥሎ የካሜራማኑን ስም ጨምሩ። ይህ ለአገራችን ፊልሞችም ይሠራል፤ ፖስተር ላይ ተዋናዩ ፊት ለፊት ተለጥፎ ቀራጩ በጉንዳን ጽሑፍ ታች ነው የሚገባው። ቦታ ከተረፋችሁም ስለ ካላቶዞቭ ቤተሰብ አንድ ጽሑፍ ብታወጡ አነባለሁ። ልጁ ጊዮርጊም ጆርጂያ ውስጥ ካሜራማን ነበር፣ የልጅ ልጁ ደግሞ ዳይሬክተር ነበር።

ከአክብሮት ጋር፣
የዓምዳችሁ አንባቢ